አንድ ወንበር፣ ሃያ ሁለት ወር ክርክር

ሰውዬው በአዲስ አበባ አንድ መሥሪያ ቤት ውስጥ የንብረት ክፍል ኃላፊ ነው። ሃያ ስድስት ዓመት ሙሉ ዕቃ በሞዴል 19 ሲረከብ፣ በሞዴል 22 ሲያስረክብ ኖሯል። የገባውና የወጣው አልመጣጠን ካለ እንቅልፍ አይወስደውም። ባልደረቦቹ ፊት ለፊት «ጋሼ» ይሉታል። ከኋላው ደግሞ «ቆጠራ» የሚል ቅጽል አውጥተውለታል። ያውቀዋል፤ አይከፋውም።

በኅዳር ወር አንድ ቅዳሜ የመሥሪያ ቤቱ ሠራተኞች የቁጠባና ብድር ኅብረት ሥራ ማኅበር ጠቅላላ ጉባኤ ተጠራ። የማኅበሩ አባላት 612 ናቸው። ሪፖርት ተሰማ፣ የኦዲት ውጤት ተነበበ፣ የትርፍ ድርሻ ላይ ክርክር ተነሣ። የሥራ አመራር ኮሚቴ ምርጫ ላይ ሲደረስ ምሳ ሰዓት አልፎ፣ ግማሹ ሰው ልጁን ከማጠናከሪያ ትምህርት ሊያመጣ፣ ግማሹ ለቅሶ ሊደርስ ወጥቶ ነበር። ለሰባት ወንበር ከተጠቆሙት ስድስቱ በጭብጨባ አለፉ። ለሰባተኛው ሁለት ሰው ቀረበ። አንዱ ላለፉት ስድስት ዓመታት ኮሚቴ ውስጥ የነበረ ሰው ሲሆን ሌላው የንብረት ክፍሉ ጋሼ ነው።

እጅ ተቆጠረ። 127 ለ116። ድምፀ ተአቅቦ የለም ተባለ። ጋሼ የተወዳዳሪውን እጅ ጨብጦ፣ «እንኳን ደስ አለህ» ብሎ ወደ ቤቱ ሄደ። የመክሰስ ሐሳብ ቀርቶ የመቆጨት ሐሳብም አልነበረውም።

ነገሩ የመጣው ከአሥር ቀን በኋላ ነው። ቃለ ጉባኤው በማስታወቂያ ሰሌዳ ላይ ተለጠፈ። «በጉባኤው 319 አባላት በመገኘታቸው ምልዓተ ጉባኤው ተሟልቷል» ይላል። ዝቅ ብሎ ደግሞ «127 ለ116፣ ድምፀ ተአቅቦ የለም» ይላል። ጋሼ ሰሌዳው ፊት ቆሞ ደመረ። 243። ከ319 ላይ ሲቀነስ 76 ሰው የለም። በማኅበሩ ደንብ ምልዓተ ጉባኤ ማለት ከአባላቱ ግማሽ በላይ፣ ማለትም 307 ሰው ነው።

ሰው እየወጣ እንደነበረ በዓይኑ አይቷል፤ ስለዚህ በዚህ ብቻ ነገር አላነሣም። የስም መቆጣጠሪያውን ግን ጠይቆ አየው። በፈረሙት ዝርዝር ውስጥ 41 ሰዎች በዚያ ሳምንት ለመስክ ሥራ ክፍለ ሀገር ነበሩ። ይህንን ለማወቅ ማንንም መጠየቅ አላስፈለገውም። ድንኳኑን፣ ጄኔሬተሩን፣ የመኝታ ፍራሹን በሞዴል 22 ያስረከባቸው ራሱ ነው፤ ዕቃው ገና አልተመለሰም። 319 ሲቀነስ 41፣ 278። ጉባኤው ከጠዋቱም አልሞላም ነበር።

*

እዚህ ላይ የሌላውን ወገን ቃልም መስማት ያስፈልጋል። የማኅበሩ ሰብሳቢ ሌባ አይደለም። ኦዲት ሲደረግ አንድ ብር ጎድሎበት አያውቅም። ጋሼ ቢሮው ገብቶ ወረቀቱን ሲያሳየው የመለሰለት መልስ የሚናቅ አልነበረም።

«ጋሼ፣ እውነቱን እንነጋገር። በስድስት ዓመት ውስጥ ምልዓተ ጉባኤ አንድም ቀን ሞልቶ አያውቅም። ሰው ብድር ሲፈልግ ይመጣል፤ ስብሰባ ሲባል አይመጣም። ሕጉን በትክክል እንከተል ብንል ኖሮ ሪፖርት አይጸድቅም፣ ትርፍ አይከፈልም፣ ብድርም አይሰጥም ነበር። መስክ ያሉት ልጆች ደውለው ‹ፈርሙልን› ብለውን ነው። ማንን በደልን?»

ማንን በደልን? በብዙ ማኅበር ውስጥ ለሌላ ሰው የሚፈረም ፊርማ የሚጀምረው ከተንኮል ሳይሆን ከደግነት ነው። ጓደኛ ለጓደኛው ይፈርማል። ጸሐፊው ነገር እንዳይጓተት ብሎ ያልፈዋል። ታዛቢ ሆኖ የመጣው ባለሙያ ሌላ ሁለት ጉባኤ ስለሚጠብቀው አይቆጥርም። ሁሉም ሲስማማ ምንም አይሆንም። ችግሩ የሚታየው አንድ ወንበር ላይ ሁለት ሰው ሲቀርብና ልዩነቱ 11 ድምፅ ሲሆን ነው። ያን ጊዜ የስድስት ዓመቱ ደግነት ሐሰተኛ ሰነድ ይባላል።

ሌላም ነገር ነበር። ያሸነፈው ሰው ስድስት ዓመት አገልግሏል፤ ማለትም እያንዳንዱ ሦስት ዓመት የሆነ ሁለት የሥራ ዘመን። የማኅበሩ ደንብ አንድ ሰው በተከታታይ ከሁለት የሥራ ዘመን በላይ እንዳይመረጥ ይከለክላል። ኮሚቴው ግን «የመጀመሪያውን የሥራ ዘመን የጀመረው በለቀቀ ሰው ምትክ ገብቶ ስለሆነ አንድ ሙሉ ዘመን አይባልም» ብሎ ይከራከራል። ሕግ አዋቂዎች ሁለቱንም ወገን ሊደግፉ የሚችሉበት ክርክር ነው።

*

የኢትዮጵያ ሕግ ስለዚህ ዓይነት ጠብ ምን ይላል? አሁን በሥራ ላይ ያለው የኅብረት ሥራ ማኅበራት አዋጅ ቁጥር 985/2009 ነው። ከእርሱ በፊት አዋጅ ቁጥር 147/1991 እና ማሻሻያው ቁጥር 402/1996 ነበሩ። መሠረቱ አንድ ነው። እያንዳንዱ አባል ያለው ዕጣ ብዙም ይሁን ጥቂት አንድ ድምፅ ብቻ አለው። የበላዩ አካል ጠቅላላ ጉባኤው ነው። በማኅበሩ አደረጃጀት፣ አመራርና ሥራ ላይ ክርክር ሲነሣ ደግሞ መጀመሪያ በዕርቅ፣ ካልሆነ በግልግል ዳኞች ይታያል። በግልግሉ ውሳኔ ቅር የተሰኘ ወገን ወደ ፍርድ ቤት የሚሄድበት በር አለ። በሩ ግን የሚከፈተው መጨረሻ ላይ ነው።

ይህ አስተሳሰብ ጥሩ ምክንያት አለው። ማኅበር ቤተሰብ ይመስላል፤ ዛሬ የተካሰሱ ሰዎች ነገ አንዱ ለአንዱ ዋስ ሆነው ብድር ይፈራረማሉ። ሽማግሌ ይቅደም ማለት ከአገሩ ልማድ ጋር የሚሄድ ነው። ከዚህም ሌላ ማኅበራት የመንግሥትን እጅ በቅርብ የቀመሱ ናቸው። በደርግ ዘመን፣ በተለይ ከአዋጅ ቁጥር 138/1970 በኋላ፣ የማኅበር አመራር ምርጫ ከላይ የሚመጣ መመሪያ ማስፈጸሚያ ስለነበረ በሺዎች የሚቆጠሩ የገበሬ ኅብረት ሥራ ማኅበራት ሥርዓቱ ሲወድቅ አብረው ፈረሱ። «ጠባችሁን በራሳችሁ ፍቱ» የሚለው ሕግ ከዚያ ትዝታ በኋላ ሲታይ አክብሮት ነው።

ግን አክብሮቱ ጊዜ ይፈጃል። ጊዜ ደግሞ በምርጫ ክርክር ውስጥ ገለልተኛ አይደለም፤ ሁልጊዜ ወንበሩ ላይ ለተቀመጠው ሰው ይሠራል።

*

ጋሼ መጀመሪያ ለቁጥጥር ኮሚቴው ጻፈ። መልስ የለም። ወደ ክፍለ ከተማው የኅብረት ሥራ ጽሕፈት ቤት ሄደ። «ምርጫውን የእኛ ባለሙያ ታዝቦ ፈርሟል፤ ቅሬታ ካላችሁ ተነጋገሩ» አሉት። በጥር ወር ከሦስት አባላት ጋር ሆኖ ጠበቃ ይዞ ክስ መሠረተ። ጠበቃው ምርጫው እንዲሻር ጠየቀ፤ አብሮም ክርክሩ እስኪያልቅ ድረስ የማኅበሩ የባንክ ፈራሚዎች እንዳይለወጡ የእግድ ማመልከቻ አስገባ። በየካቲት እግዱ ተሰጠ።

ጋሼ በዚያ ቀን ያሸነፈ መስሎት ነበር። እግዱ የሠራውን ሥራ ያወቀው በኋላ ነው። ከነባሮቹ ሦስት የባንክ ፈራሚዎች ሁለቱ አዲሱ ኮሚቴ ውስጥ የሉም፤ ስለዚህ የሥራ ዘመናቸው አልቋል። አዲሶቹ ፈራሚዎች ታግደዋል። ባንኩ የአሮጌዎቹን ፊርማ አልቀበልም አለ፤ የአዲሶቹንም አልቀበልም አለ። በየወሩ ከ612 ሰው ደመወዝ የሚቆረጠው ቁጠባ ይገባል፤ የሚወጣ ግን የለም።

ተከሳሾቹ በመጀመሪያ ደረጃ መቃወሚያቸው በፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 244 መሠረት «ጉዳዩ በግልግል የሚታይ ነው» አሉ። አንቀጹ እንዲህ ያለውን መቃወሚያ በስም ይጠቅሳል። ሦስት ቀጠሮ ከሄደ በኋላ፣ በሐምሌ፣ ፍርድ ቤቱ መቃወሚያውን ተቀብሎ መዝገቡን ዘጋ። እግዱም ተነሣ። ስድስት ወር ሙሉ የተደከመበት መዝገብ ስለ 41ዱ ፊርማ አንድ ቃል ሳይል ተዘጋ። ፍርድ ቤቱ አልተሳሳተም። የተሳሳተው በር ያንኳኳው ነው።

እግዱ ቢነሣም ባንኩ ከጽሕፈት ቤቱ የድጋፍ ደብዳቤ ፈለገ። ጽሕፈት ቤቱ ደግሞ «ክርክር ላይ ላለ ኮሚቴ ደብዳቤ አልጽፍም» አለ። ብድር እንደገና የተከፈተው በኅዳር ነው። ዘጠኝ ወር አለፈ።

*

ከዘጠኙ ወር ውስጥ በመጋቢት፣ በዚያው መሥሪያ ቤት ጽዳት ክፍል የሚሠሩ አንድ እናት የ20/80 የጋራ መኖሪያ ቤት ዕጣ ወጣላቸው። ዓመታት የጠበቁት ዕጣ ነው። የቤቱ ዋጋ ከጠበቁት በላይ ሆነ፤ ቅድሚያ ክፍያውን ለመሙላት 60 ሺህ ብር ጎደላቸው። በማኅበሩ ውስጥ አሥራ አራት ዓመት ቆጥበዋል፤ ብድር ወስደው አንድ ወር አሳልፈው አያውቁም። ማመልከቻ ጽፈው፣ ሁለት ዋስ አስፈርመው አስገቡ። «ሂሳቡ ተዘግቷል፣ ይጠብቁ» ተባሉ። የውል መፈረሚያው ቀን ግን አይጠብቅም።

ሴትዮዋ በሰፈራቸው የሠላሳ ሁለት ሰው እቁብ አላቸው። እሑድ ከቅዳሴ በኋላ ዳኛውን አገኟቸውና ነገሩን ነገሯቸው። ዳኛው ዕጣው ከመውጣቱ በፊት አባላቱን ጠየቁ። በዚያ ሳምንት ዕጣ የወጣላት ወጣት ነጋዴ «ይውሰዱት፣ እኔ የእርሳቸውን ተራ እወስዳለሁ» አለች። ጸሐፊው በደብተሩ ላይ ሁለት ስም አቀያየረ። ያ የሰጣቸው የጎደለውን ግማሽ ነው። ለቀረው የእናታቸውን የአንገት ሐብል ሸጡ።

በአንድ በኩል 612 አባላት፣ መተዳደሪያ ደንብ፣ ማኅተም፣ ኦዲተርና አዋጅ ያለው ማኅበር ዘጠኝ ወር አንድ ሰው ማበደር አቃተው። በሌላ በኩል ማኅተም የሌለው እቁብ በአንድ እሑድ ጨረሰው።

ከዚህ ተነሥቶ «ሕግና ወረቀት ይቅርብን፣ እቁብና እድራችን ይበቃናል» የሚል ሰው አይጠፋም። አባባሉ ደስ ይላል፤ ስሌቱ ግን አይሠራም። እቁቡ የሚሠራው ሠላሳ ሁለት ሰው ስለሆነ ነው። ዳኛው የሁሉንም በር ያውቃሉ። ማን እንደመጣ ለማወቅ ፊርማ አያስፈልግም፤ ዞር ብሎ ማየት ይበቃል። የምርጫ ክርክርም አይነሣም፤ ዳኝነቱ ሸክም እንጂ ጥቅም የለውማ። 612 ሰው፣ ብዙ ሚሊዮን ብርና በየወሩ የሚሰጥ ብድር ሲመጣ ግን ማንም ማንንም በዓይን አያውቅም። ዓይን በማይደርስበት ቦታ ወረቀቱ ዓይን መሆን አለበት። የጋሼ ማኅበር የታመመው ወረቀት በዝቶበት ሳይሆን ወረቀቱ እውነት ስላልያዘ ነው።

ጉዳዩ የአንድ መሥሪያ ቤት ጉዳይም አይደለም። የአየር መንገድ ሠራተኞች የመጀመሪያውን የቁጠባና ብድር ማኅበር በ1950ዎቹ ካቋቋሙ ወዲህ እንዲህ ዓይነት ማኅበር ከከተማ እስከ ገጠር ተስፋፍቷል። ገበሬው ማዳበሪያ የሚያገኘው በአብዛኛው በመሠረታዊ ማኅበርና በዩኒየን በኩል ነው። የአዲስ አበባ ሰው ስኳርና ዘይት ሲወደድ የሚሰለፈው ሸማቾች ማኅበር በር ላይ ነው። በነዚህ ሁሉ ቦታ የኮሚቴ ወንበር ማለት ዘይቱ መቼ እንደሚመጣ ቀድሞ የሚያውቅ ሰው፣ የማዳበሪያውን ዝርዝር የሚይዝ ሰው ማለት ነው። ሰው ለፓርላማ ምርጫ ከሚሰጠው ድምፅ ይልቅ ለሸማቾች ኮሚቴ የሚሰጠው ድምፅ ማዕድ ቤቱ ውስጥ ቶሎ ይታያል።

*

ሌሎች አገሮችም ከዚሁ ችግር ጋር ታግለዋል። ሕንድ እ.ኤ.አ. በ2011 ሕገ መንግሥቷን ለ97ኛ ጊዜ ስታሻሽል ስለ ኅብረት ሥራ ማኅበራት አንድ ሙሉ ክፍል ጨመረች። የቦርዱ የሥራ ዘመን ከማለቁ በፊት ምርጫ መካሄድ አለበት፤ የመራጮች መዝገቡን የሚያዘጋጀውና ምርጫውን የሚመራው ደግሞ ራሱ ቦርዱ ሳይሆን ሌላ አካል ነው የሚል ነበር። እ.ኤ.አ. በ2021 ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ማሻሻያው በክልሎች ምክር ቤቶች ስላልጸደቀ ከአንድ ክልል በላይ ለሚሠሩ ማኅበራት ብቻ እንዲጸና ወሰነ። ለእነዚህ ማኅበራት እ.ኤ.አ. በ2023 በወጣው ሕግ የምርጫ ባለሥልጣን እንዲቋቋም ተደርጓል። ጎረቤት ኬንያ ደግሞ የማኅበራትን ክርክር ብቻ የሚሰማ የኅብረት ሥራ ትሪቡናል አላት።

ሁለቱ መንገዶች የተለያዩ ናቸው። ሕንድ ጠቡ ከመነሣቱ በፊት ምርጫውን ከተመራጩ እጅ ለማውጣት ሞከረች። ኬንያ ጠቡ ከተነሣ በኋላ የት እንደሚኬድ የታወቀ አንድ በር አበጀች። የኢትዮጵያ ሕግ ግልግልን መርጧል፤ ነገር ግን ግልግሉ በየማኅበሩ በየጊዜው ከባዶ ይጀምራል። ዳኛ ማን ይሁን? አበሉን ማን ይክፈል? የት ይቀመጡ? በስንት ቀን ይወስኑ? እስከዚያ ቼክ ላይ ማን ይፈርም? የጋሼ ማኅበር ደንብ ስለነዚህ አንዳቸውንም አይመልስም። አብዛኛው መሠረታዊ ማኅበር ሲቋቋም ከሌላ ማኅበር የተቀዳ ደንብ ይዞ ነው የሚጀምረው፤ ሲቋቋም ስለ ጠብ ማሰብ እንደ ሟርት ይቆጠራል።

ዕርቁ ከመስከረም እስከ ታኅሣሥ ፈጀ። ሦስት ሽማግሌዎች ተቀመጡ፤ «ጋሼ በሚቀጥለው ምርጫ ይግባ» የሚል ሐሳብ አቀረቡ። ጋሼ «እኔ ወንበር አልጠየቅሁም፤ 41ዱ ሰው የት ነበሩ ነው ያልሁት» አለ። ሽማግሌዎቹ ተያዩ። ሽማግሌ ለጥያቄው መልስ ከማምጣት ይልቅ ጠያቂውን ማብረድ ይቀለዋል። በጥር ሁለቱ ወገኖች አንድ አንድ የግልግል ዳኛ መረጡ፤ ሁለቱ ሦስተኛውን መረጡ። ሦስቱም ደመወዝ የማይከፈላቸው፣ የየራሳቸው ሥራ ያላቸው ሰዎች ነበሩ። አንዱ ሲመጣ አንዱ ይቀራል። ግን ወረቀቱን አነበቡ። የመስኩን የሥራ ትእዛዝ፣ የሞዴል 22 ቅጂዎችን፣ የስም መቆጣጠሪያውን አስተያዩ።

በመስከረም፣ ምርጫው በተደረገ በሃያ ሁለተኛው ወር፣ ውሳኔ ሰጡ። ምልዓተ ጉባኤ ስላልነበረ የሰባቱም ምርጫ ተሽሯል፤ ቀሪውን የሥራ ዘመን የሚጨርስ ኮሚቴ ይመረጥ። ስለ ሁለት የሥራ ዘመን ገደቡ ግን ምርጫው ከተሻረ መወሰን አያስፈልግም ብለው አለፉት።

*

ድጋሚው ምርጫ የተደረገው በጥንቃቄ ነበር። መግቢያው ላይ መታወቂያ ይታያል፣ ሰው ራሱ ይፈርማል። የመጣው 198 ሰው ነው። አልሞላም፤ ጉባኤው ተበተነ። በደንቡ መሠረት በአሥራ አምስት ቀን ሁለተኛ ጥሪ ተደረገ። ሁለተኛው ጥሪ ላይ በተገኘው ሰው መቀጠል ይቻላል። የተገኘው 164 ሰው ነው።

የተሻረው ምርጫ ላይ እጁን ያወጣው 243 ሰው ነበር፤ ሕጋዊው ምርጫ ላይ የቀረበው 164። የቀድሞው ሰብሳቢ ይህን ለማንሣት አላመነታም። «ይኸው፣ በሕግ ሲሆን ሰው ቀነሰ» አለ። ጋሼም ከልቡ አሰበበት። መልሱን ያገኘው ቤቱ ከገባ በኋላ ነው። የድሮው ቁጥር ሰዉ እየቀረ መሆኑን ደብቆ ነበር። 319 ተብሎ እየተጻፈ ማንም «ሰው ለምን አይመጣም?» ብሎ አይጠይቅም። 164 ተብሎ ሲጻፍ ጥያቄው ይመጣል። ባዶ መደርደሪያ ላይ «አለ» ብሎ የጻፈ ዕቃ ግምጃ ቤት ግዢ አይጠይቅም።

ጋሼ ተመረጠ። ለአንድ ዓመት ከትንሽ ቀን።

በመጀመሪያው የኮሚቴ ስብሰባ ያልታዩ የብድር ማመልከቻዎች አቃፊ ቀረበ። ሂሳቡ ሲከፈት አብዛኞቹ ታይተዋል፤ ባለቤቶቻቸው ያልተከታተሏቸው ጥቂቶች ቀርተዋል። ከታች የመጋቢት ቀን ያለበት፣ የጽዳት ሠራተኛዋ ማመልከቻ ነበር። ሁለቱ ዋሶች እንደፈረሙ ነው። ጋሼ አጽድቆ፣ ወረቀቱን ራሱ ይዞ ወደ ሦስተኛ ፎቅ ወጣ። ሴትዮዋ ኮሪደር ላይ ነበሩ።

«እትዬ፣ ብድርዎ ጸድቋል» አላቸው።

ወረቀቱን ተቀብለው አዩት። ቀኑን አዩት። መልሰው ሰጡት።

«ይተዉት ጋሼ። ያ አልፏል፤ ቤቱንም ፈርሜያለሁ።»

«በምን ሞሉት?»

ነገሩት። ስለ እቁቡ ተናገሩ፣ ስለ ሐብሉም። አላማረሩም። ጋሼ ሊያስረዳቸው ሞከረ፤ ስለ 41ዱ ፊርማ፣ ስለ እግዱ፣ ጠበቃው እግዱን ሲጠይቅ ብድር ይቆማል ብሎ እንዳላሰበ። ሴትዮዋ እስከ መጨረሻው ሰሙት።

«እውነቱስ የእርስዎ ነበር» አሉ። «ዕዳው ግን የሰው ሁሉ ሆነ።»

*

ያ ቃል ከግልግል ዳኞቹ ውሳኔ በላይ ጋሼን አሠራው። በሕይወቱ ያላሰበው ነገር ነበር፤ ትክክል የሆነ ሰው ትክክል በሆነ ጉዳይ ሌላውን ሊጎዳ መቻሉ። እግድ በሥነ ሥርዓት ሕጉ የተፈቀደ መሣሪያ ነው፤ ንብረት እንዳይባክን ይጠብቃል። ነገር ግን የቁጠባ ማኅበር ሂሳብ እንደ ተከለለ መሬት ቢቀመጥ የማይጎዳ ነገር አይደለም፤ እንደ ውኃ መስመር ነው፤ ዘጉት ማለት ሰፈሩ ደረቀ ማለት ነው። ጠበቃው ጠባብ እግድ መጠየቅ ይችል ነበር። መደበኛ ብድር ከቁጥጥር ኮሚቴው ጋር በጥምር ፊርማ ይቀጥል፤ ንብረት መሸጥ፣ አዲስ ውል መግባትና አባል ማሰናበት ብቻ ይታገድ ማለት ይቻል ነበር። ማንም አላሰበውም፤ ከሳሹም፣ ተከሳሹም፣ ባንኩም።

አሁን በኮሚቴው ጠረጴዛ ላይ የደንብ ማሻሻያ ረቂቅ አለ። ጋሼ በእጁ የጻፈው ነው፤ አምስት ነጥብ ብቻ አለው።

አንደኛ፣ የአባላት መዝገቡ ከጉባኤው ሠላሳ ቀን በፊት ይለጠፍ፤ ጡረታ የወጣ፣ የለቀቀና የሞተ ስሙ ይነሣ፤ ይህ ብቻውን የምልዓተ ጉባኤውን ቁጥር ወደ እውነተኛው ያወርደዋል።

ሁለተኛ፣ ምርጫው ከሪፖርቱ በፊት ይሁን፤ ሰው ሳይወጣ። ከድምፅ መስጫው በፊት አዳራሹ ውስጥ ያለው ሰው ይቆጠርና ቁጥሩ ጮክ ተብሎ ይነገር።

ሦስተኛ፣ ምርጫውን የሚመሩት ሰዎች ዕጩ ያልሆኑ ይሁኑ፤ ድምፁም በእጅ ሳይሆን በወረቀትና በሳጥን ይሁን። አለቃው ፊት እጁን የሚያወጣ ሠራተኛ የሚመርጠው አለቃውን ነው።

አራተኛ፣ ቅሬታ ያለው በአሥራ አምስት ቀን ያቅርብ፤ የግልግል ዳኞች ስም ዝርዝር ጠብ ሳይነሣ አስቀድሞ በጉባኤ ይጽደቅ፤ ውሳኔ በስድሳ ቀን ይሰጥ።

አምስተኛ፣ ክርክር በተነሣ ጊዜ መደበኛ ብድርና የቁጠባ ክፍያ አይቆምም፤ በማን ፊርማ እንደሚቀጥል ደንቡ ይናገር።

የቀድሞው ሰብሳቢ ረቂቁን አንብቦ አንድ ነገር ጨመረበት፤ መስክ ላይ ያሉ አባላት ድምፅ የሚሰጡበት መንገድ። ስድስት ዓመት ሲፈርምላቸው የኖረ ሰው የእነርሱን ነገር ከማንም በላይ ያውቃል። ጋሼ አልተቃወመም። ሁለቱ ሰዎች ለመጀመሪያ ጊዜ አንድ ወረቀት ላይ ጎን ለጎን ፈረሙ።

አንድ ችግር ቀርቷል። የመሥሪያ ቤቱ ሰዎች ሲስቁበት የሰነበቱት እርሱን ነው። የድጋሚው ምርጫ በሁለተኛ ጥሪ፣ በተገኘው ሰው አለፈ። በዚህ ማኅበር ደንብ ግን ደንቡን ለማሻሻል ሁለተኛ ጥሪ አይሠራም፤ የግድ ምልዓተ ጉባኤ ይሙላ ይላል። የማኅበሩን መዝገብ ለማስተካከል መጀመሪያ ባልተስተካከለው መዝገብ መሠረት 307 ሰው መምጣት አለበት።

ስለዚህ ጋሼ በየቀኑ ከምሳ በኋላ አንድ አንድ ፎቅ ይወጣል። ማስታወቂያ ሰሌዳ አይታመንም፤ ማንም አያነበውም። በየቢሮው በር ቆሞ «ቅዳሜ ኑ» ይላል። አንዳንዱ ይስቃል፤ «ቆጠራ መጣ» ይባባላሉ። ሦስተኛ ፎቅ ኮሪደር ላይ ሴትዮዋን አገኛቸው።

«ቅዳሜ ይመጣሉ፣ እትዬ?»

«ስንት ሰው ሲመጣ ነው የሚሞላው?»

«307።»

መጥረጊያቸውን ግድግዳው ላይ አስደግፈው ትንሽ አሰቡ።

«እኔን ይጻፉኝ» አሉ፤ ወዲያው ደግሞ ሳቅ ብለው፣ «ኧረ አይጻፉኝ፤ መጥቼ ራሴ እፈርማለሁ።»